የጥራጊ ስም እንዴት እንደተመረመረ

ተረቴን የሚሰማ ጠጋ ይበል፤ የማይሰማም ግድ የለም፣ ጎረቤት ይነግረዋል።

ድሮ፣ ድሮ ከሚባለውም በፊት፣ ከአንድ ገደል ሥር ባለ ጫካ ውስጥ አውሬው ሁሉ ከአንድ ምንጭ እየጠጣ ይኖር ነበር። በዚያ ጫካ ለልጅ ስም የምታወጣው የወለደችው ነች። የሆዷን ማንም አይጠይቃትምና በልጇ ስም ትናገረዋለች፤ ያዘነች ሐዘኗን፣ የተጣላች ጠቧን፣ የተካሰችም ካሳዋን። ስለዚህ የጫካው ወሬ ሁሉ በልጆች ስም ውስጥ ነበር። እንግዳ መጥቶ እናቶች ማለዳ ልጆቻቸውን ሲጣሩ ቢሰማ፣ ማን ከማን እንደተኳረፈች፣ ማን ብዙ ዓመት መካን ሆና እንደቆየች፣ የማንኛዋ ባል ጥሏት እንደሄደ ሳይጠይቅ ያውቃል።

ነገሩን ያመጣው አንበሳ ነው። ወንድ ልጅ ተወለደለትና የእናቲቱን ሳይጠብቅ ራሱ “ናደው” ብሎ ስም አወጣለት። ስሙን በጫካው አስጠርቶ ገና ሳይጨርስ፣ ከዋሻው ሥር አይጥ ልጇን “አንተ ናደው፣ ውጣ ከዚያ ጉድጓድ፣ ጆሮህን አፈር ሞላው እኮ” ስትል ሰማት። አንበሳ ተቀየመ። ከቅያሜው ብዛት ሦስት ቀን ምግብ አልቀመሰም ተባለ፤ የሁለቱን ቀን አጥንት ግን ከዋሻው ደጃፍ ያላየ የለም።

አይጥ ተጠርታ ከአውሬው ጉባኤ ፊት ቀረበች። ልጇ የጉድጓዳቸውን ግድግዳ ሁለት ጊዜ እንደናደ፣ በሁለተኛው አያቱ ከነሕይወቷ ተቀብራ ጎረቤት ቆፍሮ እንዳወጣት፣ ስሙም ከዚያ እንደመጣ በእርጋታ አስረዳች። አያቲቱም መጥታ መሰከረች። የአንበሳው ናደው በበኩሉ እስከዚያ ቀን የናደው ነገር አልነበረም፤ ይተኛ ነበር። ይህን ግን ያነሳ አልተገኘም። ጉባኤው ጥፋተኛዋ አይጧ መሆኗን ተስማማበት። ምን እንዳጠፋች መናገር ሲያቅተው ግን፣ የስም ነገር የሚያውቅ ይፈለግ አለ።

“እኔ አውቃለሁ” ብሎ የተነሣው ዝንጀሮ ነበር። ዝንጀሮ ከመንደሩ አፋፍ ባለ አንድ ትምህርት ቤት ጣሪያ ላይ ሁለት በጋ ተቀምጧል። የተቀመጠው ገበሬው ከማሽላው ዘወር እስኪል ለመጠበቅ ነው። ቢሆንም ጆሮ አይዘጋምና ብዙ ቃል ለቅሞ ተመልሷል። ስም ሁሉ መነሻና ትርጉም እንዳለው፣ መነሻው በምስክር እንደሚረጋገጥ፣ ትርጉሙ ደግሞ በባለስሙ ላይ እንደሚታይ፣ ሁለቱ ያልተገናኙለት ስም ሐሰት እንደሆነ ለጉባኤው አስተማረ።

አሮጌው ኤሊ “ስምን መልአክ ያወጣዋል ሲባል ነው የሰማነው” አለ።

“መልአኩስ ማንን አስመስክሮ ነው?” አለ ዝንጀሮ።

ዝንጀሮም በዚያው ቀን የስም መርማሪ ሆኖ ተሾመ፤ “ጌታዬ” በሉኝም አለ፣ ተባለለት። ሕጉም ወጣ። ትልቅም ሆነ ትንሽ፣ ሕፃን ሳለ የወጣለትን ስም ያስመረምራል። ትክክል ሆኖ የተገኘ ስም ጉባኤው በሚቀመጥበት ዋርካ ልጥ ላይ በዝንጀሮ ጥፍር ይጫራል፤ ባለስሙም ግንባሩን ቀይ አፈር ይቀባል። ቀይ አፈር የሌለበት ግንባር በጋው ሲገባ ምንጩ ጋ አይደርስም። የምንጩን በር እንዲጠብቁ የዝንጀሮ የእህቱ ልጆች ቆሙ። ሌላ ሥራ አልነበራቸውም።

ምርመራው ተጀመረ። ኤሊ የልጅ ልጁን ይዞ መጣ። የልጁ ስም “ፈጠነ” ነበር። ዝንጀሮ ከዋርካው እስከ ወዲያኛው ድንጋይ ሩጥ አለው፤ ልጁ እስኪደርስ ጉባኤው ምሳውን በልቶ ተመለሰ። ስምህ ሐሰት ነው ሊባል ሲል እናቱ አቀርቅራ፣ ልጁ ፈጠነ የተባለው በሩጫው እንዳልሆነ፣ ከሠርጓ በኋላ ቶሎ በመወለዱ እንደሆነ ተናገረች። ስንት ወር ቆይቶ ተብሎ በአደባባይ ተጠየቀች። ጎረቤት ሁሉ በጣቱ ቆጥሮ የጨረሰውን ወር እሷ እንደገና ቆጠረች። ስሙ ጸደቀ። ባሏ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ አንገቱን ከቅርፊቱ ውስጥ አላወጣም።

ቀጥላ ጅግራ “ይታያል” የምትለውን ልጇን አቀረበች። ምኑ ነው የሚታየው ተባለች። ከቆቅ ጋር በጥሬ ተጣልታ ስታበቃ ያወጣችው ስም ነው፤ ጠቡ ከተረሳ ሰባት ዓመት ሆኖታል፣ ቆቅና ጅግራም አብረው ይጭራሉ። መነሻው ይረጋገጥ ዘንድ ግን ማን ማንን ምን እንዳለች ሁለቱም ቃል በቃል እንዲናገሩ ተደረገ። ተናገሩ። ስሙ በደንብ ጸደቀ። እስከ ዛሬ ቆቅ በአንዱ ዳገት፣ ጅግራ በሌላው ዳገት ነው የምትጮኸው።

ዝንጀሮ የማያውቀው ስም ሲመጣ “ጥንታዊ ነው” ይላል። ጭራሽ የማያውቀው ሲመጣ “በጣም ጥንታዊ ነው” ይላል። ይህንንም ይጭረዋል።

አያ ጅቦም ቀረበ። እናቱ ሲወለድ ያወጣችለት ስም “ይበቃኛል” ነበር። ዝንጀሮ ከሩቅ ቆሞ ትርጉሙን አብራራ፤ ያለው የሚበቃው፣ ጠግቦ የሚያድር፣ የሰው የማይመኝ ማለት ነው አለ። ለምስክርነት አሞራና ቀበሮ መጡ። ሁለቱም አያ ጅቦ በልቶ ሲነሣ ሁልጊዜ ለእነሱ የሚሆን ትቶ እንደሚሄድ በዐይናቸው ማየታቸውን መሰከሩ። ያልበቃው ቢሆን ይተው ነበር ወይ ብለውም ጠየቁ። ዝንጀሮ ሌላ ተቃራኒ ምስክር ካለ ይቅረብ አለ። አውሬው እርስ በርሱ ተያየ፤ አያ ጅቦም አውሬውን አየ። የቀረበ የለም። “ይበቃኛል” ከሌላው ሁሉ ስም ከፍ ብሎ በዋርካው ላይ ተጫረ፤ አያ ጅቦም ግንባሩን ቀይ ተቀብቶ ከፊት ወንበር ተቀመጠ።

የድኩላ ተራ የደረሰው በዚህ ጊዜ ነው።

እመት ድኩላን የማያውቅ አልነበረም። ከዚህች ልጅ በፊት ሦስት ወልዳ ነበር። የመጀመሪያዋን ብርቄ አለቻት፣ ሁለተኛውን መመኪያ፣ ሦስተኛዋን አለላ። ከምንጩ ዳር ሆና “ነይ ብርቄ፣ ና መመኪያ” ስትል ድምፅዋ እስከ ገደሉ ይሄዳል። አያ ጅቦም ከዱሩ ሆኖ ይሰማል። ስሙ እንዲህ የጣፈጠ ልጅ ወተት የጠገበ ነው ይላል። ሦስቱንም በላቸው። የበላው ተደብቆ ስለሆነ ጠፉ ነው የተባለው፤ የት እንደጠፉ ግን ሁሉም ያውቃል።

ሦስት የቀበረች እናት የምታደርገውን የምታውቀው ጃርት ነች። እማማ ጃርት ለድኩላ መከረቻት። አራተኛዋ ስትወለድ፣ ገና ደሟ ሳይደርቅ፣ ድኩላ ወስዳ አውሬው የዋሻውን ጥራጊ የሚደፋበት ቁልል ላይ አስቀመጠቻትና ፊቷን አዙራ ሄደች። እማማ ጃርት ድንገት እንዳለፈች ሆና፣ “ማን ነው ይህን የጣለው?” ብላ አነሣቻት። ወደ ድኩላም ወስዳ፣ “ከጥራጊ ላይ ያገኘሁት ነው፣ ካላስጠላሽ አሳድጊው” አለቻት። ድኩላም “እስቲ ይቀመጥ” አለች። ልጅቱ “ጥራጊ” ተባለች። አያ ጅቦ በአጠገቧ ሁለት ጊዜ አልፏል። ስሟን ሲሰማ እከካም መስላው፣ አፍንጫውን ሳያዞር ነው የሄደው። ጥራጊ እንዲህ ሆና አምስት ወር ሞላት። ከእህቶቿና ከወንድሟ ይህን ያህል የኖረ የለም።

ዝንጀሮ መነሻውን ጠየቀ። እማማ ጃርት ከቁልሉ ላይ እንዳነሣቻት መሰከረች፤ እውነቷን ነው። መነሻው ተረጋገጠ። ከዚያ ወደ ትርጉሙ ገባ።

“ጥራጊ ማለት ተጠርጎ የሚጣል፣ ባለቤት የሌለው፣ ማንም የማይፈልገው ማለት ነው” አለ። “ልጅሽ እንዲህ ነች?”

“ነች፣ ጌታዬ” አለች ድኩላ።

“አትወጃትም?”

“ምኗ ይወደዳል?” አለች፤ ልጇን ሳታይ።

ነገሩ እዚህ ላይ ባለቀ ነበር። ነገር ግን የድኩላ ጎረቤት ጥንቸል ነች። እትዬ ጥንቸል ክፉ አይደለችም፤ ጆሮዋ ረጅም፣ ዐይኖቿም በጎንና በጎን ስለሆኑ ሳትዞር ታያለች፤ ያየችውን ደግሞ ሆዷ አይዝም። ምስክር ያለ ሲባል ተነሣች። ጥራጊ ጧትና ማታ ከጆሮዋ እስከ ጭራዋ ስትላስ፣ ለጋ ቅጠል እየተመረጠ ሲቀርብላት፣ በቀትር እናቷ ለእሷ ጥላ ትሆን ዘንድ ፀሐይ ላይ ስትቆም ማየቷን አንድ ሳታስቀር ተናገረች። ስትጨርስ ተቀመጠች። ድኩላን ቀና ብላ ስታያት ጊዜ ግን ምን እንዳደረገች ገባት፤ የተነገረ ደግሞ አይዋጥም።

ከፊት ወንበር የተቀመጠው አያ ጅቦ ልጅቱን ለመጀመሪያ ጊዜ ዞሮ አያት። ከእግሯ ጀምሮ ወደ ላይ አያት። እከክ አልነበረባትም።

ዝንጀሮ ሁለት መንገድ ሰጠ። ወይ ስሙ ሐሰት ነው ተብሎ ይሰረዝና እውነተኛው ስም ይውጣ፤ ይህችን ያህል የምትወደድ ልጅ “ውድነሽ” ብትባል ተገቢ ነው፣ ይህም ከምንጩ ዳር ሦስት ቀን ጧት ጧት በአዋጅ ይነገራል። ወይም ደግሞ ስሙ እውነት መሆኑ ይታይ። ሰባት ቀን እናትየው ሳትልሳት፣ ሳታጠባት፣ ሳትጠራት፣ ጠባቂ ቆሞባት ትዋል። ጥራጊን ማንም አያስታምምምና።

ድኩላ አያ ጅቦን አየችው። አያ ጅቦ ጆሮውን አቁሞ አዋጁን ይጠብቅ ነበር።

“ስሟ እውነት ነው፤ ይታይ” አለች።

ሁለት የዝንጀሮ የእህት ልጆች ጠባቂ ተደረጉ። በመጀመሪያው ቀን ጥራጊ እናቷን ተከትላ ሄደች፤ እናቷ ዞራ አላየቻትም። በሁለተኛው ቀን ጠራቻት፤ አልመለሰችም። በሦስተኛው ቀን ልጅቱ መጥራቱን ተወች። የድኩላ ጡት ግን መርማሪም ጉባኤም አያውቅም። በሄደችበት ሁሉ ወተቷ ይንጠባጠባል፣ ቁጥቋጦውንና ሣሩን ያርሰዋል። ጥራጊም ከኋላ ከኋላ እየሄደች ቅጠሉን ትልስ ነበር። ጠባቂዎቹ ይህን አይተው ለአጎታቸው ነገሩት። እሱም አሰበበትና፣ አላጠባችም፣ ፈሰሰባት እንጂ፤ ልጅቱም ቅጠል ነው የላሰችው፣ ቅጠል መላስ አልተከለከለም አለ። ትክክል ነበር።

በሰባተኛው ቀን ጉባኤው ተሰበሰበ። ድኩላ ከዋርካው ፊት ሣር እንድትግጥ፣ ልጅቱም ከወዲያ በኩል እንድትለቀቅ ተደረገ። ጥራጊ ከስታ ነበር። መሃል ስትደርስ ወደቀች። አንድ ጊዜ ብቻ፣ ቀስ ብላ፣ ጮኸች።

ድኩላ አንገቷን ከሣሩ አላነሣችም። መንጋጋዋ ያኝክ ነበር። አፏ ባዶ እንደነበር፣ ባዶውን እንደምታኝክ፣ ከጎን የተቀመጠችው ጥንቸል አየች። ጥንቸል ያየችውን ስትውጥ ያን ቀን የመጀመሪያዋ ነው።

“ጸድቋል” አለ ዝንጀሮ። “መነሻው እውነት፣ ትርጉሙም እውነት።” ዋርካው ላይ ጫረው። ጥራጊንም በወደቀችበት ግንባሯን ቀይ አፈር ቀቧት።

ድኩላ አንድ እርምጃ ወደ ልጇ ስትራመድ አያ ጅቦ ጉሮሮውን ጠረገ።

በትሕትና ነው የተናገረው። አንድ ነገር ጉባኤውን ላስታውስ አለ። ከአባት ከአያት ጀምሮ ተጠርጎ የተጣለ ነገር የጅብ ድርሻ ነው፤ ጫካው የማይሸተው በዚህ ነው፤ ለዚህ አገልግሎት እስከ ዛሬ ምስጋና ጠይቆ አያውቅም። አሁንም ምስጋና አይጠይቅም። ጥራጊ መሆኗ በሕግ የተረጋገጠባትን ግን ይረከባል።

እስከዚያ ቀን የበላውን ሁሉ ተደብቆ ነበር የሚበላው። አሁን በአደባባይ ሊበላ ሆነ። አውሬው ሁሉ የየራሱን እግር አየ። አንበሳ አዛጋ። ዝንጀሮ ዋርካውን አየና ነገሩ ከተጫረው ጋር እንደማይጋጭ ተናገረ።

በዚህ ጊዜ ድኩላ ሁለተኛ እርምጃ ተራምዳ ከልጇ ፊት ቆመች። አላለቀሰችም፣ አልለመነችም።

“ጌታዬ፣ እኔ ማንበብ አላውቅም” አለችው ዝንጀሮን። “ከላይ የተጫረውን የአያ ጅቦን ስም ያንብቡልኝ።”

“ይበቃኛል” ብሎ አነበበ ዝንጀሮ።

“ትርጉሙስ?”

“ያለው የሚበቃው፣ ጠግቦ የሚያድር፣ የሰው የማይመኝ።”

“የበቃው ጥራጊ ይለቅማል?” አለች ድኩላ። “ልጄን ከወሰዳት አልበቃውም ማለት ነው። አልበቃውም ማለት ደግሞ እዚያ ላይ የተጻፈው ሐሰት ነው። ከሁለቱ የትኛውን ይፍቁታል?”

ጉባኤው ሁሉ ወደ ዝንጀሮ ዞረ። ዝንጀሮ መቀመጫውን አከከ። አያ ጅቦን አየ፣ ፈራ። ዋርካውን አየ፣ የባሰ ፈራ፤ አንዱ ስም ከተፋቀ ሁሉም ስሜን እንደገና ሊል ነው፣ ያ ሁሉ የጥፍር ልፋት ከንቱ ሊሆን ነው። እንደ ሹም ተስተካክሎ ተቀመጠና፣ የተጫረ እንደማይሳሳት፣ ጥራጊ ጥራጊ እንደሆነች፣ አያ ጅቦም እንደበቃው፣ ስለዚህ ሊነካት እንደማይችል ፈረደ።

አያ ጅቦ አፉ ምራቅ እንደሞላ ቆመ። “እንግዲያው ስሜን ልቀይር” አለ።

“ምን ልትባል?”

“ራበኝ።”

ይፈቀዳል፣ ግን እንደ ማንኛውም ስም ይመረመራል ተባለ። ራበኝ የሚባል መራቡ በራሱ ላይ መታየት አለበትና፣ አያ ጅቦ ሰባት ቀን አንዳች ሳይቀምስ ጠባቂ ቆሞበት ይዋል። አያ ጅቦ በገዛ አፉ ተያዘ። እዚያው ዋርካው ሥር ተቀመጠ፤ ሁለቱ የዝንጀሮ የእህት ልጆችም ሊጠብቁት በግራና በቀኙ ተቀመጡ።

በሦስተኛው ቀን ከጠባቂዎቹ አንዱ ጠፋ። “ራበኝ” ወዲያው ጸደቀ።

ድኩላ ግን ሦስተኛውን ቀን አልጠበቀችም። ጉባኤው እንደተበተነ ልጇን በአፍንጫዋ ገፋ ገፋ አድርጋ አስነሣቻትና ቁጥቋጦው እጅግ ጥቅጥቅ ወዳለበት ይዛት ገባች። ከሁሉ በፊት ግንባሯ ላይ ያለውን ቀይ አፈር ላሰችው፤ ምንም እስከማይቀር ላሰችው። ቀይ አፈር የሌለው ምንጭ አይደርስም፤ ራበኝ የተባለውም ምንጩ ዳር ነው የሚጠብቀው። ልጅቱ ግን ቅጠል መላስ ተምራለች። የማለዳውን ጤዛ ከቅጠሉ እየላሱ በጋውን አለፉት። ድኩላ እስከ ዛሬ ከምንጩ ይልቅ ጤዛ የምትወደው፣ ልጇንም በጥሻ ደብቃ፣ ኮቴዋን መሬት ላይ በቀስታ እየመታች እንጂ በስም የማትጠራው ለዚህ ነው ይባላል።

በዚያ ጥሻ ውስጥ ልጅቱ ሌላ ስም አገኘች። ድኩላ በጆሮዋ ነገረቻት። ስሙ ማን ነው ብትሉኝ አላውቅም። የጫካውን ሁሉ ስም ከነመነሻው የምታውቀው ጥንቸል እንኳ፣ ጎጆዋ እዚያው አጠገብ ሆኖ፣ አላውቅም ነው የምትለው። ታውቃለች ብዬ እጠረጥራለሁ፤ ብቻ ያን ቀን ከዋጠችው በኋላ ሆዷ መያዝ ሳይለምድ አልቀረም።

በጋው ዞሮ ሲመጣ ዝንጀሮ ያልተመዘገበ ስም ፍለጋ ጥሻ ለጥሻ ይዞር ጀመር። በአንድ እጁ ቀይ አፈር ይዟል፤ ከኋላው የቀረው አንዱ የእህቱ ልጅ ይከተለዋል፤ ከዚያ ትንሽ ራቅ ብሎ ደግሞ ራበኝ ይከተላል። ለጥበቃ ነው ተባለ። ድኩላን በጥሻው አፍ ቆማ አገኛት። ከኋላዋ ቅጠሉ ሁሉ በጤዛ ርሷል፤ ከታች ያለው ግን፣ ትንሽ ምላስ የሚደርስበት ያህሉ፣ ደረቅ ነበር። ዝንጀሮ ዐይኑ ከዋርካው በቀር አያነብምና ይህን አላየም።

በመዝገቡ ጥራጊ የተባለች ልጅ እንዳለቻት አስታወሳት። ዘንድሮ የት እንዳለች፣ ምን እየተባለች እንደምትጠራ፣ መነሻውና ትርጉሙም ምን እንደሆነ ጠየቃት።

ድኩላ እጅ ነሣች።

“ልጅ የለኝም፣ ጌታዬ” አለች። “ምስክር ካስፈለገዎት፣ ልጆቼ የት እንደጠፉ አያ ጅቦን ይጠይቁት።”